መስቀሉን ለብቻ፣ ጨረቃውን ለብቻ

ልጄ እኔን ቤት ትታ መሄድ ያቆመችው፣ ዳላስ አጠገብ በምንኖርባት በሜስኪት ከተማ በእግሬ ወጥቼ ከጠፋሁ በኋላ ነው። ጠፋች ይበሉ እንጂ እኔስ የት እንዳለሁ አውቅ ነበር፤ የጠፋብኝ ቤታችን ነው። ቤቱ ሁሉ አንድ ዓይነት፣ ሣሩ አንድ ዓይነት፣ ደጅ የተቀመጠ ሰው የለ፣ ማን ይጠየቃል። እግሬ ደግሞ ድሮም አንድ ቦታ አርፎ አይቀመጥም። አንዲት ሴትዮ መኪናዋን ፓርክ አድርጋ ስልኬን ከእጄ ወስዳ ለልጄ ደወለችላት፤ ልጄ እስክትደርስም አብራኝ ፀሐይ ላይ ቆመች። «በቃ እማዬ፣ ከነገ ጀምሮ አብረን ነን» አለች ልጄ። ተቆጥታ አይደለም፤ ስትፈራ ድምፅዋ እንደዚያ ይሆናል።

የልጄ ሥራ ሰው መጠበቅ ነው። ሆም ኬር ይሉታል። አቅም ያነሰው ሰው ቤት ሄዳ ታጥባለች፣ ታለብሳለች፣ መድኃኒት ታስውጣለች፣ ሐኪም ጋ ታደርሳለች። ያን ጊዜ የምትጠብቃቸው አርሊንግተን የሚኖሩ አንድ ፕሮፌሰር ነበሩ። ከእኛ ቤት እዚያ ለመድረስ ዳላስን ከጫፍ እስከ ጫፍ ማቋረጥ ነው። መኪናው ተሰልፎ ይቆማል፤ እኔ ውዳሴ ማርያሜን እደግማለሁ፣ ልጄ ከፊቷ ያለውን መኪና ትረግማለች። ሁለታችንም ስንጨርስ እንደርሳለን።

ፕሮፌሰሩ ጥቁር ሰው ናቸው፤ የተወለዱት በምዕራብ አፍሪካ፣ ትልቅ ወንዝ ዳር ነው። ወደዚህ አገር በወጣትነታቸው መጥተው፣ ዕድሜያቸውን ሙሉ ሲያስተምሩም ሲጽፉም የኖሩት ስለዚያው የወንዝ ዳር ሕዝብ ነው፤ እንዴት ይኖር እንደነበር፣ ማንን ያመልክ እንደነበር፣ ነጮቹ መጥተው ሲገዙት ምን እንደሆነ። አሁን ግን መርሳት ጀምሯቸዋል። በመጀመሪያ የዛሬውን ነበር የሚረሱት። ሰነበተና የድሮውም ጠርዝ ጠርዙ መበላት ጀመረ። ልጆቻቸው ሩቅ ስቴት ናቸው። ልጄ እኔን ይዛ መምጣት ትችል እንደሆነ በስልክ ብትጠይቃቸው፣ ይምጡ፣ አባታችን ሰው ይወዳሉ አሏት።

እውነትም ይወዱ ነበር። እኔን «ማማ» ይሉኛል፤ በዕድሜ እሳቸው ሳይበልጡኝ አይቀሩም፣ ግን በአገራቸው ወግ እንደዚያ ነው መሰለኝ። ቋንቋ አልነበረንም። ልጄ መሀል ቆማ የእሳቸውን ወደ አማርኛ፣ የእኔን ወደ እንግሊዝኛ ትመልሳለች። እሷ ሥራ ሲበዛባት ደግሞ ዝም ብለን አብረን መስኮት እናያለን፤ እሱም አንድ ጨዋታ ነው።

ስለ አገሬ ይጠይቁኝ ነበር። መሬቱን የሚያከፋፍለው ማን ነበር? ዝናብ ሲጠፋ ወዴት ነው የምትሄዱት? ሰው ቢማማል በምን ይማማላል? እኔ የወሎ ሰው ነኝ። አንድ ቀን የእናቴን እናት ነገርኳቸው። እስላም ተወልዳ ክርስቲያን አገባች፤ ወንድሟ ግን እስኪሞት ድረስ እዚያው ግቢያችን ውስጥ ይሰግድ ነበር። ለዓመት በዓል ሁለት በግ ነው የሚታረደው፤ አንዱን ወንድ አያቴ በስመ አብ ብለው ያርዳሉ፣ አንዱን እሱ ቢስሚላህ ብሎ ያርዳል። ድስቱ ለየብቻ ነው፣ ግቢው አንድ። ፕሮፌሰሩ ልጄን አስቁመው ደግመው ጠየቋት። ሁለት በግ? በአንድ ግቢ? ከዚያ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ፤ ከኪሳቸው የእጅ መዳፍ የምታህል ካርድ አውጥተውም የሆነ ነገር ጻፉ። እኔ ምኑ እንደሚደንቅ አልገባኝም። እናንተ አገር በግ የለም እንዴ ብዬ ልጠይቃቸው ነበር፣ ልጄ አልመልስልሽም አለችኝ።

እኔ የትምህርት ቤት ደጅ አልረገጥኩም። ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ነው፣ እሷኑ ልጄን አዝዬ፣ ዛፍ ሥር። አማርኛ አነባለሁ፤ ይኸው እንደምታዩት እጽፋለሁም። እንግሊዝኛው ግን ለዓይኔ ሐረግ ነው፤ ከየት ተነሥቶ የት እንደሚያልቅ አላውቀውም። የመስቀል ምልክት ግን በየትኛውም አገር ጽሕፈት ውስጥ ባየው አውቀዋለሁ። ነገሩ ሁሉ የመጣው ከዚያ ነው።

ቤቱ ውስጥ ሁልጊዜ የሚዘጋ አንድ ክፍል ነበር፤ የፕሮፌሰሩ መጻፊያ። አንድ ረቡዕ የሐኪም ቀጠሮ ነበራቸው፤ እዚያ መጠበቁ ረጅም ስለሆነ፣ ጉልበቴም ስለሚያመኝ፣ ልጄ እኔን ቤት አስቀምጣኝ ሄደች። «እማዬ፣ እንዳትወጪ፣ እሺ? ፕሊስ» አለች። እንዳትወጪ አለች እንጂ እንዳትገቢ አላለችኝም። ሲቸኩሉ የዚያን ክፍል በር ገርበብ አድርገውት ነበር የሄዱት።

ስገባ ወለሉ በካርድ ተሸፍኗል። ያቺ ኪሳቸው ውስጥ የምትቀመጠው ዓይነት ካርድ፣ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ፣ መሬት ላይ። በላይዋ ጽሕፈት፣ በጥጓ ደግሞ ምልክት። አንዳንዷ ላይ መስቀል አለ። አንዳንዷ ላይ ጨረቃ አለ። አንዳንዷ ላይ ባዶ ክብ አለ። ጥቂቶቹ መስቀልም ጨረቃም አለባቸው። ከላይ ኤሲው ሲነፍስ ይርገበገባሉ። አንዷ በርራ መጥታ እግሬ ሥር ስትገባ ረገጥኳት፤ ጎንበስ ብዬ ባያት መስቀል ያለባት ናት።

እኛ አገር ሁለት ጭራሮ መንገድ ላይ ተጣጥሎ መስቀል ቢሠራ እንኳ ሰው ሳይለያየው አያልፍም። የተጻፈበት ወረቀት መሬት ላይ ከተገኘም ግድግዳ ስንጥቅ ውስጥ ይሸጎጣል እንጂ አይረገጥም፤ የማን ስም እንደተጻፈበት ማን ያውቃል። እዚህ ይኸው ስንት መስቀል መሬት ላይ ወድቆ! እኝህ ሰው አቅም አጥተው ነው፣ ማንሳት አቅቷቸው ነው አልኩ። ልጄም ሥራ በዝቶባት አላየችውም። አማተብኩና ተንበርክኬ መልቀም ጀመርኩ።

ጠዋቱን ሙሉ ለቀምኩ። ዝም ብዬ አልነበረም የምሰበስበው፣ በወግ በወጉ ነው። መስቀሉን ለብቻ፣ ጨረቃውን ለብቻ። የሰው ሃይማኖት አይደባለቅም ብዬ፣ የእስላሙንም አክብሬ። መስቀልም ጨረቃም ያለባቸው ጋ ስደርስ እጄ ላይ ይዤ ብዙ አሰብኩ። መጨረሻ ላይ መስቀል ካለበት መስቀል ነው ብዬ ከመስቀሎቹ ጋር ጨመርኳቸው። ክቦቹ ምን እንደሆኑ አላወቅኩም፤ እነሱን መስኮቱ ሥር ካለች ወንበር ላይ አኖርኳቸው። ከኩሽና መሳቢያ ላስቲክ አምጥቼ ሦስቱንም አሰርኩ፤ ወለሉን በእርጥብ ጨርቅ ወለወልኩ።

ሲመለሱ ፕሮፌሰሩ በሚደገፉበት ብረት እያዘገሙ በቀጥታ ወደዚያ ክፍል ሄዱ። ልጄ ስትከተላቸው እኔም ተከተልኩ። መሀል ወለሉ ላይ ቆመዋል። አንድ ቃል ጠየቁ፣ ማን ነው ማለታቸው እንደሆነ ለእሱ አስተርጓሚ አላስፈለገኝም። እጄን ደረቴ ላይ አደረግኩ።

ልጄ ግድግዳውን ይዛ ቀረች። «እማዬ፣ ምን አደረግሽ?» አለችኝ፣ ቀስ ብላ።

ከዚያ ወንበራቸው ላይ አስቀመጠቻቸው። እሳቸው እየተናገሩ፣ እሷ እየመለሰችልኝ፣ ያጠፋሁት ምን እንደሆነ ያን ቀን ገባኝ። እያንዳንዷ ካርድ አንድ ሰው ናት። ፕሮፌሰሩ በወጣትነታቸው በዚያ ወንዝ ዳር መንደር ለመንደር እየዞሩ ሽማግሌና አሮጊት ሲጠይቁ፣ አንዱ የነገራቸውን በአንድ ካርድ ይጽፉ ነበር። በዚያ አገር በአንድ ግቢ ውስጥ የሚሰግድም አለ፣ ቤተ ክርስቲያን የሚሄድም አለ፣ መሬቱን የሚለማመንም አለ፤ ክቡ የእነዚህ ነው፣ መሬቱን የሚያናግሩት። ሁለቱንም ሦስቱንም የሚያደርግ ሰውም አለ። ነጮቹ ሲገዙ፣ ለአስተዳደር እንዲመቻቸው ሕዝቡን በየሃይማኖቱ ለይተው በየመዝገቡ ጻፉት። ወንድም በአንድ መዝገብ ገባ፣ እህት በሌላ። መሬት የሚያናግሩትን ደግሞ ምን ብለው እንደሚጽፏቸው ስላላወቁ ከሁሉ በታች አደረጓቸው። የልጅ ልጆቹ ሲያድጉ እንደ መዝገቡ ሆነው መኖር ነው የጀመሩት፤ ግቢውም በአጥር ተከፈለ።

የፕሮፌሰሩ የመጨረሻ መጽሐፍ እነዚያን ሰዎች ወደየግቢያቸው የሚመልስ ነው። ካርዶቹን መሬት ላይ የደረደሩት ለዚያ ነበር፤ ማን ከማን ጋር በአንድ ግቢ ይኖር እንደነበር፣ የማን ነገር ከማን ነገር ጎን መቆም እንዳለበት። ቁጥር አልሰጧቸውም፤ ቁጥር ከሰጠኋቸው ማንቀሳቀስ እፈራለሁ ብለው። ሐሳባቸው እየከዳቸው መሆኑን እሳቸውም ያውቁታል። የቀድሞ ተማሪያቸው የነበረች፣ ዛሬ ራሷ የምታስተምር ሴት፣ ቅዳሜ መጥታ ወለሉን ፎቶ ልታነሳ፣ ቅደም ተከተሉን ልትጽፍላቸው ተቀጣጥረው ነበር። ቅዳሜ ሊደርስ ሦስት ቀን ሲቀረው ነው እኔ ላስቲክ ያሰርኩት።

ፕሮፌሰሩ ሦስቱን እስር አዩ፣ የሆነ ነገር ተናገሩ። ልጄን ምን አሉ ስላት ተይው አለችኝ። ንገሪኝ ብዬ ያዝኳት።

«‹የአውራጃው ገዥ ይህን ለመሥራት ዓመታት ፈጅቶበት ነበር፤ ማማ ግን በአንድ ጠዋት ጨረሰችው› ነው የሚሉት።»

ከንፈራቸው ፈገግ ብሏል። ዓይናቸውን ግን ከባዶው ወለል አላነሡም።

ከእግዚአብሔር በታች ከማፍርበት ነገር ሁሉ ያን ያህል ያሳፈረኝ የለም። ሌላ ሰው ቢያደርገው ሳያውቅ ነው እል ነበር። ሁለት በግ ከሚታረድበት ግቢ የወጣሁት እኔ፣ የሰውን ግቢ በመስቀልና በጨረቃ ለይቼ አሰርኩት። አያቴን ካርድ ላይ ቢጽፏት ኖሮ ከሁለቱ ምልክት አንዱን ሰርዤ የማስቀምጣት እኔ ነኝ።

ሐሙስና ዓርብ ልመልሰው ሞከርን። እሳቸው ወንበር ላይ ተቀምጠው ካርዷን ያነባሉ፣ በጣታቸው ያሳዩኛል፣ እኔ መሬት ላይ አስቀምጣለሁ። ልጄ ጉልበትሽን ትለኛለች፤ ጉልበቴ የት አባቱ። ሐሙስ ጠዋት ደህና ሄደ። አንድ መስመር ወጣ፤ ጀልባ የሚያሻግሩ ሰዎች ግቢ ነው አሉ፣ ደስ ብሏቸው የአንዷን አሮጊት አረማመድ ሳይቀር በትከሻቸው አሳዩን። ከምሳ በኋላ ግን ሁለት ካርድ ለአንድ ቦታ ያሳዩኛል። የቱን ላንሳ ብዬ በእጄ ብጠይቅ ሁለቱንም ያያሉ፣ እኔን ያያሉ። ዓርብ ጠዋት የትናንቱን መስመር አዩና ይህን ማን ነው የደረደረው፣ ተሳስቷል አሉ። ሁሉንም አስነሡኝ። ልጄን አየኋት፣ አንሺ አለችኝ በዓይኗ። አነሣሁት።

ቅዳሜ ተማሪዋ ሳክሲ ከምትባል ከዳላስ አጠገብ ካለች ከተማ መጣች። ጠጉሯ የሸበተ ሴት ናት፤ ሳያት ተማሪ የሚለው ቃል አልመጣልኝም። ልጄ ስትነግራት ክፉ ቃል ከአፏ አልወጣም፤ ጫማዋን አውልቃ ባዶው ወለል ላይ ተቀመጠች። ካርዶቹ አልጠፉም፣ እያንዳንዱ ሰው የተናገረው እንዳለ አለ፣ የጠፋው ጎረቤቱ ነው አለች። እሱን ደግሞ የሚያውቁት አንድ ሰው ብቻ ናቸው።

አጠገባቸው ሆና እያነበበች ጠየቀቻቸው። አንድም ጊዜ ሳያመነቱ መለሱላት። ይህ ከዚህ ጋር፣ ይህች የዚህ ምራት፣ ይህ ሰው ከወንዙ ማዶ። ድምፃቸው የማስተማር ድምፅ ሆነ፤ ወንበራቸው ላይ ቀጥ ብለው ተቀመጡ። እሷ ትጽፋለች። እኔ በሩ ጋ ቆሜ ማርያም ደረስሽልኝ እያልኩ ነበር። ልጄ ሾርባ አቀረበችላቸው፤ በሉና ትንሽ አረፉ። ከእንቅልፋቸው ሲነሡ ተማሪዋ ለማረጋገጥ ብላ መጀመሪያ ያነሣችውን ካርድ ደግማ ጠየቀቻቸው። በዚያው ድምፅ፣ በዚያው እርግጠኝነት፣ ሌላ ቦታ ነገሯት። ሁለተኛዋንም ጠየቀች፤ ሌላ። ሦስተኛዋን አንሥታ ያዘቻት እንጂ አልጠየቀችም። እስክሪብቶዋን ክዳኑን ገጠመችለት።

እሳቸው ግን ቀጥይ፣ ለምን ቆምሽ እያሏት ነበር።

ካርዶቹን ስትወስድ ፈቃዳቸውን ጠይቃ ነው። እኔ ባመጣኋቸው በእነዚያው ላስቲኮች መልሳ አስራ ነበር የወሰደችው፤ ሦስቱንም እስር ደረቷ ላይ አቅፋ እስከ መኪናዋ። ሸኘኋት። በምን አፌ ይቅርታ ልበላት? እጇን ስሜ ለቀቅኳት።

ሰኞ ጠዋት ስንደርስ ፕሮፌሰሩ ክፍላቸው ገብተው ካርዶቼ የታሉ አሉ። ተማሪያቸው መውሰዷን ረስተውታል። እኔ መሰብሰቤንም ረስተውታል። ልጄ ልትነግራቸው ስትል አስቆምኳት። የእኔ ነገር ነው፣ በራሴ አፍ ልንገራቸው፣ አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ አስጠኚኝ አልኳት። ኩሽና ገብተን አስጠናችኝ። ተመልሼ ፊታቸው ቆምኩና «አይ ሙቭድ ዘ ፔፐርስ» አልኳቸው፤ ወረቀቶቹን ያነሣሁት እኔ ነኝ ማለት ነው። በሕይወቴ ሙሉ አድርጌ የተናገርኳት እንግሊዝኛ እሷ ናት። ሰሙኝ። ፊታቸው እንዴት እንደሆነ ልጽፈው አልችልም፤ ያን ረቡዕ እንደነበረው ነው።

ማክሰኞም ጠየቁ። ማክሰኞም ነገርኳቸው። እንዲህ እየሆነ ሳምንታት ሄደ። አንድ ቀን ጮኸው ሁለታችንንም ከክፍሉ አስወጡን። አንድ ቀን እጄን መታ መታ አድርገው ወረቀት ነው ማማ፣ ወረቀት ነው አሉኝ። አንድ ቀን ሻያቸውን ሳይጠጡት እስኪቀዘቅዝ ይዘውት ተቀመጡ። ነገ የትኛው እንደሚሆን አይታወቅም፤ መኪና ውስጥ ውዳሴ ማርያሜ ይጠፋብኝ ጀመር።

ልጄ አንድ ጠዋት መንገድ ላይ፣ መኪናው እንደልማዱ ቆሞ ሳለ፣ ሳታየኝ ተናገረች። «እማዬ፣ አንቺ ትነግሪያቸውና ይቀልሻል። እሳቸው ግን በየቀኑ አዲስ መርዶ ነው የሚረዱት። ሶ... ለምን አትተይውም?»

እውነቷን ነው። አላውቅም ልላቸው ወሰንኩ። ያን ቀን ሲጠይቁኝ ትከሻዬን ነቀነቅኩ። እሳቸው መፈለግ ጀመሩ። መሳቢያ ከፈቱ፣ ከመጻሕፍቱ ኋላ ዳበሱ፣ ብረታቸውን ትተው በግድግዳ እየተደገፉ አልጋቸው ሥር ሊያዩ ሲሉ ልጄ ሮጣ ያዘቻቸው። አልጋው ላይ ስታስቀምጣቸው ግንባራቸውን በመዳፋቸው መቱ፤ እኔ ነኝ፣ የሆነ ቦታ የጣልኩት እኔው ነኝ፣ ይህ ጭንቅላት ነው አሉ። ደግመው መቱ።

ሄጄ እጃቸውን ያዝኩና ዓረፍተ ነገሬን ነገርኳቸው። ሲነግሯቸው ይጎዳሉ፣ ሳይነግሯቸው ራሳቸውን ይመታሉ። ከሁለቱ የቱ ይሻል እንደነበር እስከ ዛሬ የሚነግረኝ ሰው አላገኘሁም። የንስሐ አባቴን እንኳ አማክሬያቸው ነበር፤ ብዙ ካሰቡ በኋላ ጸልዪላቸው አሉኝ።

ተማሪዋ አንድ ቀን ደወለች። መጽሐፉን እንዳለ ልታሳትመው ነው፤ እያንዳንዱን ሰው ለብቻው፣ የተናገረውን ብቻ። ማን ከማን ጋር ይኖር እንደነበር አትጽፍም፤ ገምቼ ብጽፍ እኔም መዝጋቢ እሆናለሁ አለች። ልጄ ይህን ለፕሮፌሰሩ ስትነግራቸው በትሕትና አዳመጡ፤ ስለ ሌላ ሰው መጽሐፍ እንደሚሰማ ሰው።

ከዚያ በኋላ በነበረው ሰኞ ነው። ልጄ ወደ ክፍሉ አስገባቻቸው፤ መስኮቱ አጠገብ ተቀመጡ። እኔ እንደልማዴ በሩ ላይ ቆሜ ጥያቄያቸውን ጠበቅኩ። ወለሉን አዩት፣ ውጭውን አዩ፤ ዛሬ ሊዘንብ ነው ወይ ብለው ልጄን ጠየቋት። አይዘንብም አለቻቸው። እሺ አሉ። ልጄ ዞራ አየችኝ፤ ዓይኗ ሞልቶ ነበር። ልብስ ላጥብ ብላ ወጣች።

እኔ ግን መሄድ አቃተኝ። ገብቼ ፊታቸው ቆምኩ፤ ሳይጠይቁኝ «አይ ሙቭድ ዘ ፔፐርስ» አልኩ።

ፕሮፌሰሩ ቀና ብለው አዩኝና በዚያ በጨዋ ድምፃቸው አመሰገኑኝ። «ቴንክ ዩ፣ ማማ።»

አጠገባቸው ካለችው ወንበር ተቀመጥኩ። እሳቸው መስኮቱን ማየት ቀጠሉ።